ሮማ ስትተረብ
የአማርኛና የታሪክ ትምህርት



ባለፉት ሳምንታት ግነትን፣ ምፀትንና ስላቅን ለየብቻ ተምረናል። በዚህ እትም ሦስቱ በአንድ ላይ ሲሠሩ እናያለን። ፈረንጆች ይህን ስልት ‹‹ፓሮዲ›› ይሉታል። በአማርኛ አንድ ቃል ስጠን ብትሉኝ ‹‹ተረብ›› እላለሁ፤ ነገር ግን ተረብ ሰፊ ነው፤ ማንንም በማንኛውም ነገር መንካት ይቻላል። ፓሮዲ የሚተርበውን ነገር ልብሱን ለብሶ፣ በራሱ ድምፅ ተናግሮ ነው የሚተርበው። ስለዚህ ‹‹አስመስሎ መተረብ›› ብንለው ይቀርባል።

ምሳሌውን ሩቅ አንፈልግ። ፉከራ ምን እንደሆነ ሁላችሁም ታውቃላችሁ። ፎካሪው ‹‹ዘራፍ!›› ብሎ ይነሣል፤ የገደለውን ይቆጥራል፤ የአባቱን ስም ይጠራል፤ ዐይኑ ይቀላል። አሁን አንዱ ልጅ በዚያው ዜማና በዚያው ቁጣ፣ ደረቱን ነፍቶ፦

‹‹ዘራፍ! የምሳ ጀግና፣ የቁርስ አርበኛ፣
ዕቃ እጠብ ሲሉት ወዲያው በሽተኛ!››

ቢል ትስቃላችሁ። ቅርጹ የጀግና ነው፤ ይዘቱ የሰነፍ ነው። ሁለቱ ሲጋጩ ሳቁ ይመጣል። ፉከራ ሰምቶ የማያውቅ ሰው ግን አይስቅም፤ ‹‹ይህ ልጅ ምን ሆኖ ይጮኻል?›› ብሎ ይደነግጣል እንጂ። ይህን ነጥብ በደብተራችሁ አሥምሩበት፤ አስመስሎ በመተረብ ለመሳቅ አስቀድሞ የተተረበውን ነገር ማወቅ ግድ ነው።

ወደ ሮማ የምንሄደውም በዚህ ምክንያት ነው። አንዳንዶቻችሁ አንድ የድሮ የእንግሊዝ አስቂኝ የቴሌቪዥን ተከታታይ ድራማ ቅንጭብ በስልክ አይታችሁ፣ ‹‹ቀሚስ የለበሰው ሰውዬ ለምን እኛን እያየ ያወራል?›› ብላችሁ ጠይቃችሁኝ ነበር። መልሱ ዛሬ ይመጣል። ከዚያ በፊት ግን ሰውዬው ምን እየተረበ እንደነበረ እንወቅ።

እ.ኤ.አ. በ1950ዎቹና በ1960ዎቹ መጀመሪያ የአሜሪካና የኢጣሊያ ፊልም ሠሪዎች በጥንቷ ሮማ ላይ ግዙፍ ፊልሞችን ሠርተዋል። ‹‹ኩዎ ቫዲስ›› በ1951፣ ‹‹ቤን ኸር›› በ1959፣ ‹‹ስፓርታከስ›› በ1960፣ ‹‹ክሊዮፓትራ›› በ1963 ወጥተዋል። ከወላጆች መካከል ‹‹ቤን ኸርን›› ያየ አይጠፋም፤ የሠረገላው ግልቢያ አይረሳም። ፊልሙ 11 የኦስካር ሽልማት አግኝቷል። እነዚህ ፊልሞች መልካቸው አንድ ነው። መለከት ይነፋል፤ የተራኪ ድምፅ ከሰማይ እንደወረደ ሆኖ ዓመቱንና አገሩን ይነግረናል፤ የዕብነ በረድ ዓምዶች ይታያሉ፤ በሺህ የሚቆጠሩ አጃቢ ተዋንያን ይሰለፋሉ፤ ንጉሠ ነገሥቱ ውሃ አምጡልኝ ለማለት እንኳ አዋጅ እንደሚያስነግር ነው የሚናገረው። ማንም አያነጥስም። ማንም ጫማው አይጠብበውም።

‹‹ክሊዮፓትራ›› በዘመኑ ከፍተኛ ገንዘብ ከፈሰሰባቸው ፊልሞች አንዱ ነው። መጀመሪያ የተጀመረው እንግሊዝ አገር፣ ፓይንዉድ በተባለው ስቱዲዮ ነበር። መሪዋ ተዋናይት ኤልሳቤጥ ቴይለር ታመመች፤ ሥራው ተቋረጠ፤ በኋላም ወደ ሮም ተዛወረ። እንግሊዝ አገር የቀረውን ዕቃ ታዲያ ምን ይደረግ? አስቂኝ ፊልም ሠሪዎች ለዚያ ታላቅ ፊልም ከተዘጋጀው ልብስና መድረክ ተጠቅመው እ.ኤ.አ. በ1964 ‹‹ካሪ ኦን ክሊዮ›› የተባለ መተረቢያ ፊልም አወጡ። እንግዲህ የተራቢው ልብስ የተተራቢው ልብስ ራሱ ነበር! የማስታወቂያው ሥዕልም ከ‹‹ክሊዮፓትራ›› ማስታወቂያ ጋር እጅግ ከመመሳሰሉ የተነሣ የትልቁ ፊልም ባለቤት ኩባንያ ክስ አቅርቦ ሥዕሉ እንዲነሣ ሆኗል።

የዚያ ፊልም ደራሲ ታልቦት ሮትዌል ይባላል። ስሙን ያዙት፤ በኋላ እንመለስበታለን። ይኸው ሰው ለእንግሊዝ ቴሌቪዥን ድርጅት፣ ለቢቢሲ፣ ‹‹አፕ ፖምፔይ›› የተባለውን ድራማ ጻፈ። የሙከራው ክፍል እ.ኤ.አ. በ1969፣ ተከታታዩ በ1970 ታየ። እናንተ ቅንጭቡን ያያችሁት ይህ ነው።

ታሪኩ የሚፈጸመው ፖምፔይ በተባለች ከተማ ነው። ዋናው ሰው ሉርኪዮ የተባለ ባሪያ ሲሆን ፍራንኪ ሃወርድ የተባለ ኮሜዲያን ይጫወተዋል። (ባሪያ የምለው የሮማ ሕግ ቃል ስለሆነ ነው። በግቢያችን ውስጥ ይህ ቃል ስድብ ሆኖ እንዳልሰማው።) ሉርኪዮ በእያንዳንዱ ክፍል መጀመሪያ ላይ ብቅ ብሎ፣ ልክ እንደ ታላላቆቹ ፊልሞች ተራኪ ‹‹መቅድም›› ሊያሰማ ይሞክራል። ገና አፉን ሲከፍት ጌታው ይጠራዋል፤ ወይም እመቤቲቱ ትመጣለች፤ ወይም አንዱ እየሮጠ ያልፋል። መቅድሙ አያልቅም። እርሱም ወደ ካሜራው ዞሮ ለተመልካቹ ያማርራል። ተማሪዎች የጠየቃችሁት ይህንን ነው። በታላቁ ፊልም ተራኪው አይታይም፤ ሁሉን ያውቃል፤ ማንም አያቋርጠውም። እዚህ ተራኪው የቤት አገልጋይ ነው፤ የቤት አገልጋይ ደግሞ አንድ ዐረፍተ ነገር ሳይቋረጥ የመናገር ዕድል የለውም። አንዲቱ ቀልድ ስለ ፊልምም ስለ ሥልጣንም ትናገራለች። መድረኩም ሆን ተብሎ ተራ ነው፤ ዓምዶቹ ዕብነ በረድ ለመምሰል ብዙም አይጥሩም።

ሌላ ሰው አለች፤ አንዲት ጠንቋይ ሴት። በየጊዜው እየገባች ‹‹ወዮ! ጥፋት መጣ!›› በሚል መንፈስ ትጮኻለች። ማንም አይሰማትም፤ ውጪ ውጪ ይሏታል። ተመልካቹ ግን የታሪክ መጽሐፍ አንብቧል። ፖምፔይ እ.ኤ.አ. በ79 ዓመተ ምሕረት የቬሱቪየስ እሳተ ገሞራ ፈንድቶ በአመድ የተቀበረች ከተማ እንደሆነች ያውቃል። እብድ የምትመስለዋ ሴት ብቻ ናት እውነቱን የምትናገረው። በትምህርታችን ምፀት ያልነው ይህ ነው፤ ተመልካቹ የሚያውቀውን ገጸ ባሕርያቱ አያውቁትም።

ለወላጆች አንድ ማሳሰቢያ። የዚህ ድራማ ንግግር በአብዛኛው ለትልልቅ ሰዎች የተጻፈ፣ አሽሙሩ የበዛ ነው። ከስሞቹ ሳይቀር ብዙዎቹ በእንግሊዝኛ ነውር ነገርን የሚያስታውሱ ናቸው። ለዚህ ትምህርት አሠራሩን ማወቅ ይበቃል፤ ልጆች ቁጭ ብለው ሙሉውን ይመልከቱት አላልኩም።

ደራሲው ብልጡን ባሪያ ራሱ አልፈጠረውም። ፕላውቱስ የተባለ የሮማ ጸሐፌ ተውኔት ከክርስቶስ ልደት በፊት በ184 ከመሞቱ አስቀድሞ የጻፋቸው 20 ያህል ኮሜዲዎች እስከ ዘመናችን ደርሰዋል። በብዙዎቹ ውስጥ ጌታው ሞኝ፣ ባሪያው ብልህ ነው። ሮማውያን በበዓላቸው ቀን ተሰብስበው በዚህ ይስቁ ነበር። በማግስቱ ያው ባሪያ ያው ባሪያ ነው። በሮማ ሕግ ባሪያ ለምስክርነት ሲጠራ ቃሉ የሚወሰደው በግርፋትና በሥቃይ ነበር። ከክርስቶስ ልደት በፊት ከ73 እስከ 71 ስፓርታከስ ባሪያዎችን አስተባብሮ ሲነሣ፣ ከተሸነፉ በኋላ 6,000 የሚሆኑት ከካፑዋ እስከ ሮም ባለው መንገድ ዳር ተሰቅለዋል። እኔ ‹‹አፕ ፖምፔይን›› የምነቅፍበት አንዱ ነገር ይኸው ነው። ባርነት ለዛ ያለው የቤት ውስጥ ጭቅጭቅ ሆኖ ይታያል። ቀልዱ ፊልሞቹን በደንብ ይተርባል፤ ሮማን ራሷን ግን ብዙም አይነካትም።

እስከዚህ ድረስ ‹‹ይህ ሁሉ የፈረንጆች የእርስ በርስ ጨዋታ ነው፤ እኛን ምን አገባን?›› የሚል ተማሪ ይኖራል። ያገባናል። የሮማ ልብስ የተለበሰብን እኛ ነንና።

ቤኒቶ ሙሶሊኒ የፓርቲውን ምልክት የወሰደው ከጥንት ሮማ ነው። በትር የታሰረበት፣ መጥረቢያ ያለበት ነዶ የሮማ ሹማምንት የሥልጣን ምልክት ነበር፤ ‹‹ፋሽስት›› የሚለውም ስም ከ‹‹ፋሾ››፣ ማለትም ከነዶ ወይም ከእስር፣ የመጣ ነው። ኢትዮጵያን በአውሮፕላንና በመርዝ ጋዝ ወግቶ አዲስ አበባ ከገባ በኋላ፣ ግንቦት 1 ቀን 1928 ዓ.ም. ከሮም ሰገነት ላይ ሆኖ የሮማ ንጉሠ ነገሥታዊ መንግሥት እንደገና መነሣቱን አወጀ። በሮም አውራ ጎዳና ላይ የጥንቱን ግዛት መስፋፋት የሚያሳዩ አራት የዕብነ በረድ ካርታዎች ተሰቅለው ነበር፤ አሁን የፋሽስቱን ግዛት የሚያሳይ አምስተኛ ካርታ ተጨመረ፤ ኢትዮጵያም በዚያ ላይ ተሣለች። እ.ኤ.አ. በ1937 ከአክሱም ሐውልቶች አንዱ ተወስዶ ሮም ላይ ተተከለ። ንጉሠ ነገሥት ከግብፅ ሐውልት ያመጣ እንደነበረ ሁሉ፣ ሙሶሊኒም ማምጣት ነበረበት። (ሐውልቱ በ1997 ዓ.ም. ተመልሶ በ2000 ዓ.ም. በአክሱም ተተክሏል።)

ፊልምም አልቀረም። ‹‹ሺፒዮኔ ላፍሪካኖ››፣ ማለትም ‹‹አፍሪካዊው ሲፒዮ››፣ ካርሚኔ ጋሎኔ ያዘጋጀው፣ በመንግሥት ገንዘብ የተሠራና እ.ኤ.አ. በ1937 የወጣ ግዙፍ ፊልም ነው። የሮማው ጄኔራል ሲፒዮ ወደ አፍሪካ ተሻግሮ፣ ከክርስቶስ ልደት በፊት በ202፣ ዛማ ላይ የካርቴጁን አኒባልን ሲያሸንፍ ያሳያል። ካርቴጅ በዛሬዋ ቱኒዚያ ነው ያለችው። አኒባል ዝሆኖቹን ይዞ የአልፕስን ተራራ ተሻግሮ በ216 ካኔ ላይ የሮማን ጦር ደምስሶ ነበርና፣ ፊልሙ የበቀል ፊልም ነው። በ1929 ዓ.ም. ሮም ውስጥ ቁጭ ብሎ ያየው ሰው ካኔ ሲባል ዐድዋን፣ ዛማ ሲባል አዲስ አበባን እንዲያስብ ነው የተሠራው። መለከቱ፣ ሰልፉ፣ ዓምዱ፣ የሰላምታው እጅ ሁሉ አለ። ቅድም የዘረዘርናቸው የፊልም ምልክቶች ለጨዋታ ብቻ እንዳልሆኑ እዚህ ላይ ይታያል። በዚያው ዓመት ኢትዮጵያ ውስጥ ሰው ይገደል ነበር።

ለእንዲህ ዓይነቱ ፊልም መልሱ ምንድን ነው? አንደኛው መንገድ ሌላ ታላቅ ታሪክ ማቆም ነው። ከበደ ሚካኤል ‹‹አኒባል›› የተባለውን የግጥም ተውኔት ጽፈዋል። ሮማውያን ጠላታችን ያሉትን አፍሪካዊ የመድረኩ ዋና ሰው አደረጉት። እኔ ሳነበው፣ ደራሲው በወረራው ዘመን የኖሩ ሰው መሆናቸውን አልረሳም። ዛማን ከሌላው ወገን ሆኖ ማየት ነው። ጎረቤቶቻችን ሶማሌዎችም ለግጥም በግጥም መመለስ የቆየ ልማዳቸው ነው፤ አንዱ ሲገጥም ሌላው በዚያው ቤት ይመልስለታል።

ሁለተኛው መንገድ ተረብ ነው። እዚህ ላይ ሐርጌሳ ትገባለች። ጣሊያኖች በነሐሴ 1932 ዓ.ም. የእንግሊዝ ሶማሌላንድን ያዙ፤ ይህች ከተማም ከዚያ እስከ መጋቢት 1933 ዓ.ም. ድረስ፣ ሰባት ወር ገደማ፣ በ‹‹አዲሲቷ ሮማ›› ሥር ነበረች። በዚያው ወቅት፣ በጥቅምት 1933 ዓ.ም.፣ ኒው ዮርክ ውስጥ የቻርሊ ቻፕሊን ‹‹ታላቁ አምባገነን›› ፊልም ለመጀመሪያ ጊዜ ታየ። ቻፕሊን ሂትለርን ይመስላል፤ ጃክ ኦኪ የተባለው ተዋናይ ደግሞ ‹‹ናፓሎኒ›› በሚል ስም ሙሶሊኒን ይመስላል። የተነፋው ደረት፣ ወደ ላይ የተቀሰረው አገጭ፣ እጅ በወገብ! ሁለቱ አምባገነኖች ፀጉር ቤት ወንበር ላይ ተቀምጠው፣ አንዱ ከሌላው ከፍ ብሎ ለመታየት ወንበሩን እያሾሩ ይሽቀዳደማሉ፤ ወንበሩ ጣሪያ ይደርሳል። በሐርጌሳና በአዲስ አበባ ሰው ያን አገጭ ሲፈራ፣ በሌላ አገር ይሳቅበት ነበር።

ነገር ግን ተማሪዎች፣ ፌዝ ሁልጊዜ የደካማ መሣሪያ አይደለም። ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ አገራቸውን ለቀው የተሰደዱ ንጉሥ ሆነው፣ ሰኔ 23 ቀን 1928 ዓ.ም. ጄኔቭ በዓለም መንግሥታት ማኅበር ፊት ሊናገሩ ሲነሡ፣ የኢጣሊያ ጋዜጠኞች በፉጨትና በጩኸት አፌዙባቸው። ፖሊስ አስወጣቸው። ንጉሡ ጠብቀው በአማርኛ ንግግራቸውን አደረጉ። አሸናፊው በስደተኛው ላይ ሲያፌዝ ምን እንደሚመስል ከዚህ የተሻለ ምሳሌ አላውቅም። ሁለቱንም ተረብ እንላለን? እኔ አልልም። ቻፕሊን የተረበው ኃይል ያለውን ሰው፣ ኃይሉም የቆመበትን ትዕቢት ነው። ጋዜጠኞቹ ያፌዙት አገሩን በተቀማ ሰው ላይ ነው። በክፍላችን ውስጥ አዲስ የመጣን ልጅ አነጋገር እየቀዱ መሳቅ ከየትኛው ወገን እንደሚመደብ እናንተው ንገሩኝ።

አሁን ወደ ጠንቋይዋ ሴት እንመለስ። በቴሌቪዥኑ ፖምፔይ ማንም አይሰማትም አልን። በእውነተኛው ‹‹የሮማ ግዛት›› የሆነው ሌላ ነው። የካቲት 12 ቀን 1929 ዓ.ም. በግራዚያኒ ላይ ቦምብ ከተወረወረና በአዲስ አበባ ሕዝብ ላይ ያ ሁሉ እልቂት ከወረደ በኋላ፣ ግራዚያኒ ጠንቋዮች፣ ባሕታውያንና አዝማሪዎች እየተያዙ እንዲገደሉ አዘዘ። የጣሊያን አገዛዝ ያልቃል እያሉ ሕዝቡን ያነሣሣሉ የሚል ነበር ክሱ። አውሮፕላንና መርዝ ያለው ጦር ማሲንቆ የያዘን ሰው ፈራ። የመፍራቱም ምክንያት ሕዝቡ አዝማሪውን ስለሚሰማው ነው። ሰምና ወርቅ ያለው ግጥም በአስተርጓሚ አይያዝም፤ ጣሊያኑ ሰሙን ሰምቶ ሲያጨበጭብ፣ አገሬው ወርቁን ይዞ ይሄዳል። ጠንቋዮቹና አዝማሪዎቹ የተናገሩትም ደረሰ፤ ሚያዝያ 27 ቀን 1933 ዓ.ም. ንጉሡ አዲስ አበባ ገቡ። ‹‹የሺህ ዘመን›› የመሰለው መንግሥት አምስት ዓመት ነው የቆየው። ፉከራው ረጅም፣ ዕድሜው አጭር፤ ከዚህ በላይ ፓሮዲ የሚሆን ታሪክ ራሱ የለም።

ይህን ትምህርት ስናቅድ ከወላጆች አንዳንዶቹ ‹‹በዚህ ኑሮ ላይ ቀልድ ምን ያደርጋል? ሒሳብና እንግሊዝኛ አይበቃም?›› ብለዋል። ጥያቄው የሚናቅ አይደለም። የደራሲውን የታልቦት ሮትዌልን ስም ያዙ ያልኳችሁ ለዚህ ነበር። ሮትዌል በሁለተኛው የዓለም ጦርነት የእንግሊዝ አየር ኃይል ባልደረባ ነበር። ኖርዌይ ላይ አውሮፕላኑ ተመትቶ ተማረከና በጀርመኖች የምርኮኞች ካምፕ ውስጥ ታሰረ። መጻፍ የጀመረው እዚያ ነው። ከሌላው ምርኮኛ ከፒተር በተርወርዝ ጋር ሆነው ለካምፑ የመድረክ ትርዒት ያዘጋጁ ነበር። ተመልካቹ ሆን ብሎ ጮኾ እንዲስቅ፣ ጮኾ እንዲዘፍን ይደረግ ነበር፤ ምክንያቱም ከመሬት በታች ለማምለጫ ዋሻ የሚቆፍሩት ጓደኞቻቸው ድምፅ እንዳይሰማ። ዘበኞቹ ቀልድ ሰሙ፤ መቆፈሪያውን አልሰሙም። ከዓመታት በኋላ በተርወርዝም የአስቂኝ ፊልሞች ታዋቂ ተዋናይ ሆነ፤ ሮትዌል በጻፋቸውም ተጫውቷል። የምርኮኛ ካምፕና የስደተኛ ካምፕ አንድ አይደሉም፤ እኛም ዋሻ አንቆፍርም። ነገር ግን ልጁ ቁጭ ብሎ ቀልድ ሲጽፍ ያየ ወላጅ ‹‹ጊዜውን እያጠፋ ነው›› ከማለቱ በፊት ይህን ሰው ያስታውስ። ደግሞም ፓሮዲ የሚጽፍ ልጅ መጀመሪያ የሚተርበውን በደንብ ማንበብ አለበት፤ ያለዚያ አይሳቅለትም። ታሪክ ለማስጠናት ከዚህ የሚሻል ዘዴ እስካሁን አላገኘሁም።

የሳምንቱ ሥራ። በሦስት በሦስት ሆናችሁ አንድ ታላቅ አነጋገር ምረጡ፤ ፉከራ፣ አዋጅ፣ የሬዲዮ ዜና፣ ወይም የፊልም ተራኪ ሊሆን ይችላል። ቅርጹን ሳትነኩ በግቢያችን በየቀኑ ስለምናየው ነገር ጻፉበት፦ ስለ ውሃ ሰልፍ፣ ስለ ጠመኔ እጥረት፣ ስለ ደወሉ፣ ከፈለጋችሁም ስለ አስተማሪያችሁ። ርዝመቱ ከአንድ ገጽ አይብለጥ። ከጽሑፉ በታች በሁለት መስመር የተረባችሁት ማንን እንደሆነና ያ ሰው ወይም ነገር በእናንተ ላይ ምን ኃይል እንዳለው ጻፉ። የዚህን ጥያቄ መልስ ካጣችሁ ርዕሱን ቀይሩ። የታሪክ ክፍል ተማሪዎች በተጨማሪ ስለ ካኔና ስለ ዛማ ጦርነት በግማሽ ገጽ አዘጋጁ፤ አያቶቻችሁ ስለ ጣሊያን ዘመን የነገሯችሁ ተረብ ወይም ቅኔ ካለ ደግሞ ሳትጨምሩ ሳትቀንሱ ጽፋችሁ አምጡልኝ። ዐርብ ከሰዓት በኋላ በክፍል ውስጥ እናነበዋለን፤ ወላጆችም መግባት ትችላላችሁ።